ድምፁ እስኪደርስ

አገር ምድሩ የሚያውቀው የጦርነት ድምፅ የአንዲት ባዶ በርሜል ድምፅ ነበር። በርሜሏም እንደ ማንኛዋም በርሜል ናት፤ ጎኗ የዛገ፣ ክዳኗ የጠፋ፣ የቴሌቪዥን ጣቢያው ጓሮ ተጥላ የዝናብ ውሃ ስታጠራቅም የኖረች። ድምፅ ቀማሚዋ ናት አንድ ቀን አይታ የወደደቻት። ውሃውን አስደፍታ፣ ወደ ምድር ቤት አስወርዳ፣ በመዶሻ አንድ ጊዜ አቅምሳት ቀረጸቻት። ከዚያ ድምፁን አወፈረችው፣ ጭራውን አስረዘመችው፣ ከሥሩ የከባድ መኪና ማጉረምረም ጣል አደረገችበት። የወጣው ነገር ራሷን አስደነገጣት። ጦርነቱ ሲጀመር ታዲያ በርሜሏ ሥራ አገኘች።

ይህ ማታለል ነው ብሎ ያሰበ ሰው አልነበረም፤ እሷም አላሰበችም። ከግንባር የሚመጣው ፊልም ከሩቅ የተነሳ ነው። ኮረብታ ይታያል፣ ከኮረብታው ጀርባ ብልጭ ይላል፣ ጭስ ይነሳል፤ የሚሰማው ግን ወይ ንፋስ ነው፣ ወይ የካሜራ ባለሙያው ትንፋሽ፣ ወይ ጭራሽ ምንም። ድምፅ የሌለው ፍንዳታ ደግሞ ማን ያምናል? የዜና ክፍሉ አለቃ "ዲዳ ፍንዳታ እንዳታመጡብኝ" ይል ነበር። እሷም ብልጭታው ላይ፣ ልክ ብልጭታው ላይ፣ በርሜሏን ታስቀምጣለች። በሙያዋ የምትኮራውም በዚህ ነው፤ የሰው ከንፈርና ቃሉ፣ በርና የበሩ ጩኸት፣ ብልጭታና ፍንዳታ በእሷ እጅ ካለፉ አንዱ ከሌላው ፀጉር ታህል ቀድሞ አያውቅም።

እናቷ ይህን ለሰፈሩ ሁሉ አውርታ ጨርሳለች። ጎረቤት ዜና ሊያይ ገብቶ ገና "ዱም!" ሲል "የልጄ እኮ ነው!" ትላለች፣ ጦርነቱን ራሱን ልጇ የሠራችው ይመስል። የሰፈር ልጆችም ጦርነት ሲጫወቱ እጃቸውን ወደ ሰማይ ወርውረው በዚያችው ቅጽበት "ዱም!" ይላሉ፤ ጭራውን ሳይቀር እንደ በርሜሏ ያስረዝሙታል። ድምፅ ቀማሚዋ አንድ ቀን ከሥራ ስትመለስ ይህን ሰምታ መንገድ ላይ ቆመችና ደስ አላት። እውነቱ ይነገር ከተባለ ማን ደስ አይለውም?

ታላቅ ወንድሟ ጉልበቱን ተመትቶ ከግንባር የተመለሰው በዚህ መሃል ነው። "ጋሼ" ነው የምትለው፤ አባታቸው ቀድሞ ስለሞተ እሱ አሳደጋት ማለት ይቻላል። እናታቸው ቤት ሦስቱ አብረው ይኖራሉ። ጋሼ እንደ ድሮው ይስቃል፣ ይቀልዳል፣ እናቱን ያበሽቃል። ዜና ሲጀመር ግን ብዙ ሳይቆይ ምርኩዙን ያነሳና ወደ በረንዳ ይወጣል፤ በሩንም ከኋላው ይዘጋዋል። ሌላም ነገር ነበረ። ከመዝመቱ በፊት ማታ ማታ "ዛሬ ደግሞ ምን አስጮህሽ?" ሳይላት አያድርም ነበር። ከመጣ ወዲህ ስለ ሥራዋ አንዲት ቃል ጠይቋት አያውቅም። ሲያወራትም ዓይን ዓይኗን አያያትም፤ የሸሚዟን ቁልፍ እያየ ነው የሚያወራት።

አንጀቷን የበላው ይሄ ነበር። ወንድሟ ከሞት ተርፎ ተመልሶላት፣ በአንድ ጣሪያ ሥር ከእሷ ርቆ መኖሩ።

"ተዪው ልጄ" አለቻት እናቷ። "ስንቱን አይቷል መሰለሽ። ዜናው ያስታውሰዋል፣ ሌላ ምን ይሆናል?"

ምክንያቱ ውሃ የሚያነሳ ይመስላል። ድምፅ ቀማሚዋ ግን አንድ ነገር ከከነከናት የማትተኛ ፍጥረት ናት። አንድ ማታ ቴሌቪዥኑን ትታ ወንድሟን ማየት ጀመረች፤ ሰው ዜና ያያል፣ እሷ ወንድሟን ታያለች። ያየችውም ግራ አጋባት። ቁስለኛ በቃሬዛ ሲያልፍ አልተነሳም። ታንክ ሲታይም አልተነሳም፤ እንዲያውም "ያንን ታንክ አውቀዋለሁ፣ ከሄደበት የተጎተተበት ይበልጣል" ብሎ እናቱን በሳቅ አፈረሳት። ኮረብታው ብቅ አለ፣ ከጀርባው ብልጭ አለ፣ ዱም! ጋሼም ብድግ።

ፊቱን አየችው። የፈራ ሰው ፊት አልነበረም። ያንን ፊት እሷ አሳምራ ታውቀዋለች፤ የተናጋሪው ከንፈር ቀድሞ ቃሉ ሲዘገይ እሷ ራሷ የምታሳየው ፊት ነው። አንድ ነገር ልክ አልመጣ ያለው ሰው ፊት ነበር።

በማግስቱ ማታ ሪሞቱን ከእናቷ እጅ ወሰደችና ኮረብታው ከመታየቱ በፊት ድምፁን አጠፋች።

"ምን ሆነሽ ነው አንቺ? እየሰማሁ እኮ ነው!" አለች እናቷ።

"አንዴ እማዬ፣ አንዴ ብቻ።"

ብልጭ አለ፤ ዝም። ጋሼ አልተነሳም። ዓይኑን ቴሌቪዥኑ ላይ ተክሎ ከንፈሩን ማንቀሳቀስ ጀመረ። ጭሱ ወደ ላይ ወጣ፣ ሥዕሉም ተለወጠ፤ እሱ ግን ገና ከኮረብታው ጋር ነው። መስኮቱ ሥር የተቀመጠችውን እናቱን ትከሻዋን ይዞ ቀስ አድርጎ ወደ ራሱ ሳባት።

"ከመስኮቱ ራቅ በይ እማዬ" አለ። ከዚያ ያለውን ሰማና አፈር ብሎ ሳቀ፤ ምርኩዙን አንስቶም ወጣ። ድምፅ ቀማሚዋ ተከትላው ወጣች።

"ጋሼ፣ ምን ስትጠብቅ ነበር?"

"የት?"

"አሁን፣ ዝም ሲል። ትቆጥር ነበር እኮ።"

በረንዳው ላይ የተሰጣውን ልብስ መድረቁን ዳሰሰ። "ድምፁን ነዋ" አለ።

"ድምፁንማ አጥፍቼዋለሁ።"

"የአንቺን አይደለም። የራሱን። ብልጭታው ይቀድማል፣ ድምፁ ቆይቶ ነው የሚደርሰው። መብረቅ አይተሽ አታውቂም?"

ይህን ማን ያጣዋል? እሷም ተማሪ ቤት ተምራዋለች፣ ክረምት በመጣ ቁጥርም አይታዋለች። ነገር ግን ከመብረቁ ወደ ኮረብታው አሻግራው አታውቅም። አፏን ያዘች።

"ታዲያ ለዚህ ነው የምትወጣው? ድምፁ ስለቀደመ?"

"ነገ እረፍት ነሽ አይደል? ማዶ ወዳለው የድንጋይ ካባ እንሂድ። መቅረጫሽን ያዢ" አለና ወሬውን በዚያው ቆረጠው።

ካባው ከከተማው ጠርዝ ነው፤ ለግንብ የሚሆን ድንጋይ በድማሚት እየፈነዳ የሚወጣበት ገደል። ቀይ ጨርቅ የያዘ ጠባቂ መንገዱን ሲዘጋ፣ እነሱ ከሸለቆው ወዲህ ማዶ ካለው ተረተር ላይ ቆመዋል። ጋሼ ምርኩዙን ተደግፎ ሣር ያኝካል። እሷ መቅረጫውን አንገቷ ላይ አንጠልጥላ፣ ማዳመጫውን ጆሮዋ ላይ ደፍታ፣ ማይኩን ወደ ገደሉ ዘርግታለች። ወፍ ትሰማለች። የወንድሟን ማኘክ ትሰማለች።

ገደሉ ተንቀሳቀሰ። ግድግዳው ሙሉውን ወደ ፊት ተገፋ፣ ነጭ አቧራ ፈላ፣ ቤት የሚያክል ድንጋይ አየር ላይ ተነሳ። ጆሮዋ ውስጥ ግን ወፏ ብቻ ነበረች።

ገመዱ ተነቅሏል! ሌላ ምንም አልመጣላትም። በዚያ ሁሉ ዓመት ሥዕል አይታ ድምፅ ካልሰማች ጥፋቱ የገመድ ነው። ጎንበስ ብላ መሰኪያውን ስትነካካ ድምፁ ደረሰና ደረቷን መታት። ማዳመጫውን ከጆሮዋ አሽቀንጥራ ጣለች። እግሯ ሥር መሬቱ ሲንቀጠቀጥ ጫማዋ ውስጥ ተሰማት። ዘወር ስትል ጋሼ ገደሉን አላየም፤ እሷን ነበር የሚያየው፣ ከተመለሰ ወዲህ ለመጀመሪያ ጊዜ ዓይን ዓይኗን።

"ምን እያደረግሽ ነበር?"

"ገመዱ የተነቀለ መስሎኝ..."

"አንቺስ ጎንበስ አልሽ" አለ። "ሬዲዮ ግን ቀና ነበር ያለው።"

ሬዲዮ ማለት አብሮት የዘመተ ልጅ ነው፤ አፉ ስለማይዘጋ ጓዶቹ ያወጡለት ስም። ጋሼ ምርኩዙን ሣሩ ላይ አስተኝቶ ተቀመጠና ነገራት።

"ትምህርት ቤት ውስጥ ሰፍረን ነበር። ሊመሽ ሲል ከኮረብታው ወዲያ የጥይት መጋዘን ተመታ። ሰማዩ ነጭ ሆነ፣ የግድግዳው ቀለም ሳይቀር ታየኝ። እኔ ወዲያው መሬት ላይ ነኝ። እሱ መስኮቱ ጋ ቆሟል። 'ተደፋ!' ብዬ ጮህኩ። ሳቀብኝ እኮ። 'ኧረ ምንም የለም፣ ድምፅ እንኳን የለውም። ከዚህስ የቤታችን ቴሌቪዥን ይሻላል' አለና ፊቱን መስታወቱ ላይ ለጠፈ። እንደዚያ እንደለጠፈ ደረሰ።"

"ሞተ?"

"አልሞተም። ዓይኖቹ ጠፉ፣ ሁለቱም። መስታወቱ ነው።" ከእግሩ ሥር ሣር ነጨ። "ታዲያ ያ ዱም የእህቴ ነው እያልኩ ሠራዊቱን በጉራ ያደነቆርኩት እኔ ነኝ። ሬዲዮ ራሱ 'እህትህን ሰላም በልልኝ፣ እጇ ወርቅ ነው' ይለኝ ነበር። ቤት መጥቼ ምን ልበልሽ? የአንቺ ጥፋት አይደለም ብዬ ራሴን አሳምኜ ቁጭ እላለሁ። ከዚያ ኮረብታው ይመጣል፣ ዱም ይላል፣ ሬዲዮ መስኮቱ ጋ ይቆምብኛል። እዚያ ክፍል ውስጥ ከአንቺ ጋር እንዴት ልቀመጥ?"

ድምፅ ቀማሚዋ አለቀሰች። ያለቀሰችው ለማታውቀው ልጅ ነው፣ ለወንድሟ ነው፣ መንገድ ላይ ቆማ የልጆቹን "ዱም" ስትሰማ ደስ ላላትም ለራሷ ነው። ጋሼ እንባዋን እንድትጠርግ መሃረቡን ሰጣት፤ መሃረቡ የድንጋይ አቧራ ስለነበረበት ፊቷን ጭራሽ አጨቀየው፣ ሁለቱም ሳይወዱ ሳቁ። ወደ ቤት ሲመለሱ ግን መንገድ መሃል ቀጥ ብላ ቆመች።

"ካሜራው ማይክ አለው እኮ" አለች። "እውነተኛው ድምፅ ከደረሰ ካሜራውም ሰምቶታል ማለት ነው። ታዲያ የት ሄደ?"

በማግስቱ ሥራ ገብታ ወደ ማህደር ክፍል ወረደች። እሷ ጋ የሚደርሰው ለዜና የተቆረጠው ፊልም ነው፤ ያልተቆረጠውን ጠይቃ አታውቅም፣ የጠየቀም የለም። የኮረብታውን ፊልም ከነሙሉ ርዝመቱ አስከፈተችና ማዳመጫዋን አጠለቀች።

ኮረብታ። ንፋስ። የካሜራ ባለሙያው ትንፋሽ። ብልጭ አለ፣ ባለሙያውም "ያውና!" አለ። ዜናው የሚቆረጠው እዚህ ጋ ነበር፤ ለአንድ ሥዕል አራት ሰከንድ በቂ ነው ይላሉ አቀናባሪዎቹ፣ ከዚያ በላይ ሰው ይሰለቻል። ያልተቆረጠው ግን ቀጠለ። ሣር ይንኮሻኮሻል። ሰውየው ምራቁን ሲውጥ ይሰማል። ካሜራው ዝቅ ሲል ታያት፤ ለካ እሱም መሬት እየያዘ ነው። ቆየ። ከዚያ ደረሰ።

በርሜሏን አይመስልም። ወፍራም ብርድ ልብስ አንድ ሰው በኃይል ያራገፈ ይመስላል፤ ከዚያ ዝቅ ብሎ ሸለቆ ለሸለቆ የሚንከባለል፣ የት እንዳለቀ የማይታወቅ ነገር። ሌላ ፊልም አስከፈተች፣ ሌላም። ከሩቅ የተነሱት ሁሉ ያው ናቸው፤ ብልጭታ፣ "ያውና!"፣ ዝምታ፣ ድምፅ። ሁሌም መቀሱ የሚያርፈው ዝምታው መሃል ነው። ጦርነቱ የራሱን ድምፅ በየቀኑ እየላከ፣ እነሱ በየቀኑ ደጅ ላይ እየመለሱት ኖረዋል። ምሳ ሰዓት አልፎባት እንኳን አላወቀችም።

ማታ የሚተላለፈውን የኮረብታ ፊልም ራሷ አዘጋጀችው፤ "ያውና!" የሚለውንም አልሰረዘችም። አለቃዋን ጠርታ ከጎኗ አስቀመጠችው። ሰውየው ቁመተ አጭር፣ ድምፀ ትልቅ፣ ሁልጊዜ የሚቸኩል ነው።

"ምን ልታሳይኝ ነው? ሥራ አለኝ እኮ።"

"አሁን ያልቃል አለቃ፣ እርስዎ ብቻ ይዩልኝ።"

ብልጭ አለ። "ያውና!" ዝም።

አለቃ ጠበቀ። ፊቱን አጠቆረ። እጁን ሰደድ አድርጎ የድምፁን ቁልፍ እስከ ጫፍ ከፈተው፤ ያኔ ድምፁ ደረሰና ሰውየው ወንበሩን ይዞ ወደ ኋላ ተንሸራተተ።

"በስመ አብ! ምንድን ነው ይሄ?"

"እውነተኛው ነው።"

"የጠፋ መስሎኝ ድምፅ ጨመርኩ እኮ!"

"እኔም ካባው ጋ ገመድ ስነካካ ነበር" አለችውና የሬዲዮን ነገር ነገረችው። ሳታስጌጥ፣ ሳታስረዝም ነገረችው። አለቃ መነጽሩን አውልቆ ጠረገ።

"ሰው ቴሌቪዥኑ የተበላሸ መስሎት በጥፊ ነው የሚመታው" አለ። "ጣቢያው ይሰደባል። የጎረቤቱ ጣቢያ ይስቅብናል።"

"ይሁና።"

"ለዛሬ ብቻ። አንዴ። የሚደውለውን ሁሉ ደግሞ ወደ አንቺ ስልክ ነው የማስተላልፈው፣ እኔ ስድብ አልችልም።"

ማታ ቤት ስትደርስ እናቷ መስኮቷ ሥር፣ ጋሼ ከበሩ አጠገብ ለመውጣት በሚመች ቦታው ተቀምጠዋል። ዜናው ተጀመረ። ኮረብታው ብቅ ሲል ጋሼ እጁን ወደ ምርኩዙ ሰደደ። እጅጌውን ያዘችው።

"ዛሬ ቁጭ በል ጋሼ። ስሞትልህ።"

ብልጭ አለ። "ያውና!" አለ የካሜራ ባለሙያው። ዝም።

"ምነው፣ ድምፁ ጠፋ እኮ!" አለች እናቷ፤ ብድግ ብላም ቴሌቪዥኑን በመዳፏ መታ አደረገችው። ጋሼ ከንፈሩን እያንቀሳቀሰ ነበር። ድምፅ ቀማሚዋ እጅጌውን እንደያዘች ክንዱ ሲጠነክር ተሰማት። ከዚያ ደረሰ፤ ወፍራም፣ ዝቅ ያለ፣ የሚንከባለል። እናቷ እጇን ደረቷ ላይ አድርጋ ወደ ኋላ አለች።

ጋሼ ትንፋሹን ለቀቀ። ምርኩዙን ከእጁ አውጥቶ ግድግዳው ላይ አስደገፈው፤ ፊቱንም ወደ እህቱ መለሰ።

"ዛሬ ደግሞ ምን አስጮህሽ?" አላት።

ልትመልስለት ስትል ስልኳ ጮኸ። አለቃ ቃሉን ጠብቋል። የመጀመሪያው ደዋይ "ድምፃችሁ ከሥዕሉ ዘግይቷል፣ ባለሙያ የላችሁም እንዴ?" አላት። ሁለተኛዋ ቴሌቪዥኗ ገና አዲስ መሆኑን፣ ሻጩን ልትከስ እንደነበር ነገረቻት። ሦስተኛው ያለፈው ዱም ይሻል ነበር፣ ይሄኛው ጦርነት አይመስልም አለ። እሷም ለሁሉም "እሺ፣ አመሰግናለሁ" ትላለች። እናቷ ከጎኗ ሆና "ማነው ልጄን የሚሰድበው? እስቲ አቀብይኝ!" እያለች ስልኩን ልትነጥቃት ትታገላለች።

በዚህ መሃል የጋሼ ስልክ ጮኸ። ቁጥሩን አየና ፊቱ ተለወጠ። ምንም ሳይል ቤቱ ሁሉ እንዲሰማ ድምፁን ከፍ አድርጎ ጉልበቱ ላይ አስቀመጠው።

"አንተ!" አለ ከወዲያ በኩል አንድ የሚሳሳቅ ድምፅ። ከሩቁ ሴት እየተቆጣች ይሰማል። "ያንን ዜና አያችሁ? እኔማ አላይ፣ ሰማሁት። ሾርባዬን እየጠጣሁ ነው፤ ሰውየው 'ያውና!' ሲል ሳህኑን ወርውሬ መሬት ላይ ተደፋሁ! እናቴ አበደ ብላ ትጮሃለች፣ ሾርባው በሙሉ ላይዋ ላይ ነው። እኔ እንደተደፋሁ ነኝ፣ ወለሉን ይዤ። ከዚያ ደረሰ። ሰማህ? እኔ መሬት ላይ ሆኜ ነው የደረሰው። ቀደምኩት እኮ! ዛሬ ቀደምኩት!"

ጋሼ ስልኩን በሁለት እጁ ያዘው። እንባው ጢሙ ላይ ሲወርድ እናቱ አይታ ስልኩን መንጠቅ ተወች።

"አለህ?" አለ ሬዲዮ። "እህትህስ አለች?"

"አለሁ" አለች ድምፅ ቀማሚዋ።

ሬዲዮ ሳቁን አቆመ። የማያውቀው ሰው ፊት ሲቀርብ እንደሚያፍር ልጅ ድምፁን ዝቅ አደረገ። "እህቴ፣ ነገም እንደዚህ ነው?"

እሷ እጅ ላይ ያለው ስልክ እንደገና ይጮህ ጀመር። ስሙን አየችው፤ አለቃ ነው። ድምፁን አጥፍታ ጠረጴዛው ላይ በፊቱ ደፋችው።

"ነገም እንደዚህ ነው" አለችው።